ከቱሉ ዲምቱ ተነስቶ የንግግር ሕክምና ጀምሮ መጨረስ

ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም በገባን በሁለተኛው ዓመት እናቴ አረፈች። ከሐዘን ወጥቼ ወደ ሥራ ስመለስ፣ ቃሊቲ ላይ፣ ሰው በታጨቀበት ታክሲ ውስጥ ልቤ ድንገት ይደልቅ ጀመር። እጄ ደነዘዘ፣ ትንፋሽ አጠረኝ፣ «በቃ መሞቴ ነው» አልኩ። ረዳቱ ደግፎ አወረደኝና ውሃ ገዝቶ አጠጣኝ። ከዚያ በኋላ አራት ወር ሙሉ በልብ ምርመራ ተንከራተትኩ። ልብሽ ደህና ነው ተባልኩ፤ እኔ ግን ደህና አልነበርኩም። ከሰፈር መውጣት አቅቶኝ ሥራዬን ላጣ ደርሼ ነበር። ከዚያ ያወጣኝ በየሳምንቱ ከአንዲት ባለሙያ ጋር ተቀምጬ፣ በመካከሉ ደግሞ ቤቴ ውስጥ የሠራሁት ሥራ ነው። የንግግር ሕክምና የምለው ይህንን ነው፤ ጭንቀትንና ድባቴን በመነጋገርና በልምምድ ማከም።

ያንን ሕክምና ያገኘሁት በሦስተኛው ሙከራዬ ነው። የመጀመሪያው ባለሙያ አልሆነኝም፤ በሁለተኛው ጊዜ መንገዱ አሸነፈኝ። ይህን የምጽፈው እንደኔ አዲስ አበባ ዳር ለሚኖር ሰው ነው፤ ኮዬ ፈጬ፣ ቦሌ አራብሳ፣ የካ አባዶ፣ ገላን፣ ጀሞ። እዚህ ብዙዎቻችን ከነባር ሰፈራችን፣ ከእድራችንና ከቡና ጎረቤታችን ተለይተን የመጣን ነን። ሲከፋን በሩን አንኳኩተን የምንገባበት ቤት ገና አላበጀንም። ሕክምናው ደግሞ በአብዛኛው ያለው መሃል ከተማ ነው።

1. የሚሰማችሁን በራሳችሁ ቃል ጻፉ

ጤና ጣቢያ ባለሙያው ፊት የምትቀመጡት ለጥቂት ደቂቃ ነው። ሰልፍ ጠብቃችሁ ስትገቡ ሁሉም ነገር ከአእምሮ ይጠፋል። ስለዚህ ማታ ቤታችሁ ግማሽ ገጽ ጻፉ። የሕክምና ቃል ፍለጋ አትድከሙ። «ሆዴን ባር ባር ይለኛል»፣ «ሰውነቴን ያቃጥለኛል»፣ «ልቤ ይፈራል»፣ «ምንም ነገር አያምረኝም» ካላችሁ እሱኑ ጻፉ። ከዚያ መቼ እንደጀመረ፣ እንቅልፍና ምግብ እንዴት እንደሆነ፣ ጫት፣ አረቄ ወይም የእንቅልፍ ኪኒን የምትወስዱ ከሆነ ምን ያህል እንደሆነ ጨምሩ። ጫት እንቅልፍ ይነሳል፣ ጭንቀትንም ያባብሳል፤ ደብቃችሁት ከገባችሁ ባለሙያው የተሳሳተ ነገር ሊያክም ይችላል።

ከሁሉ በላይ የሚጠቅመው መስመር ግን «ምን ማድረግ አቆምኩ?» የሚለው ነው። የኔ ወረቀት ላይ «ታክሲ፣ ቤተ ክርስቲያን፣ የእህቴ ቤት» ይል ነበር። ባለሙያዋ ከሁሉም አስቀድማ ያነበበችው እሱን ነው።

ሐዘን ሁሉ፣ ክፉ ቀን ሁሉ በሽታ አይደለም። ነገር ግን መከፋቱ ወይም ደስታ ማጣቱ አብዛኛውን ቀን እየዋለ ሁለት ሳምንትና ከዚያ በላይ ከቆየ፣ ሥራና ቤትንም ካስተጓጎለ፣ ድባቴ (ዲፕሬሽን) ሊሆን ስለሚችል መታየት አለበት።

ቀጠሮ የማይጠበቅበት ነገር አለ። ሰው «መሞት እፈልጋለሁ» ካለ፣ ሌላው የማይሰማውን ድምፅ ከሰማ፣ ወይም ለቀናት ካልተኛና ካልበላ፣ ዛሬውኑ በአቅራቢያ ወዳለ ሆስፒታል ድንገተኛ ክፍል ውሰዱት። የቀይ መስቀል አምቡላንስ በ907 ይጠራል። እስኪደርስ ብቻውን አትተዉት፤ የተባይ ማጥፊያውን፣ በረኪናውን፣ ኪኒኑን፣ ገመዱን ከቤት አውጡ። «ራስህን ለማጥፋት አስበሃል ወይ?» ብሎ በግልጽ መጠየቅ ሐሳቡን አይተክልበትም። አብዛኛው ሰው ሲጠየቅ ይቀለዋል።

2. ከጤና ጣቢያ ጀምሩ

ብዙ ሰው ጤና ጣቢያውን ዘልሎ በቀጥታ አማኑኤል ይሄዳል፤ ወይም «አማኑኤል ያስተኙኛል» ብሎ ፈርቶ የትም ሳይሄድ ይቀራል። አማኑኤል በጣሊያን ወረራ ዘመን የተቋቋመ፣ ለረጅም ዓመታት በአገሪቱ ብቸኛው የአእምሮ ሆስፒታል የነበረ ስለሆነ ስሙ ራሱ ያስፈራል። ነገር ግን እዚያ የሚሄደው ሰው አብዛኛው ተመላላሽ ነው፤ ታክሞ በዕለቱ ቤቱ ይገባል።

ጤና ጣቢያ የምትጀምሩበት ምክንያት ሦስት ነው። አንደኛ፣ የታይሮይድ ችግርና ደም ማነስ ልክ እንደ ጭንቀትና እንደ ድባቴ ሊያደክሙ፣ ልብ ሊያስደልቁ ይችላሉ፤ እነሱ መጀመሪያ በምርመራ ይጣሩ። ሁለተኛ፣ የጤና መድን ካርድ ካላችሁ ያለ ሪፈር ወረቀት ሆስፒታል ብትሄዱ ከኪሳችሁ ልትከፍሉ ትችላላችሁ። ሦስተኛ፣ የዓለም ጤና ድርጅት ያዘጋጀው ሥልጠና ከእ.ኤ.አ. 2010 ጀምሮ በአገራችን እየተሰጠ ስለሆነ ድባቴንና ጭንቀትን ማየት የሚችሉ ነርሶችና ጤና መኮንኖች ጤና ጣቢያ ውስጥ አሉ። ካርድ ክፍል ስትደርሱ «የአእምሮ ጤና የሚያይ ባለሙያ የትኛው ቀን ነው የሚገባው?» ብላችሁ ጠይቁ። በየቀኑ ላይገባ ይችላል።

ሪፈር ሲጻፍላችሁ ወዴት እንደሆነ ተነጋገሩበት። ከአማኑኤል ሌላ ጥቁር አንበሳ፣ ቅዱስ ጳውሎስና ዘውዲቱም የአእምሮ ሕክምና ክፍል አላቸው። በምሥራቅ በኩል ላላችሁ የካ ኮተቤ አለ፤ በኮሮና ጊዜ የኮቪድ ማዕከል የነበረው ነው። «የንግግር ሕክምና እፈልጋለሁ» በሉ፤ ካላላችሁ መድኃኒት ብቻ ተጽፎላችሁ ልትወጡ ትችላላችሁ። በአፋን ኦሮሞ መናገር የሚቀላችሁ ከሆነ ያኔውኑ ተናገሩ። ሆድን በሁለተኛ ቋንቋ መክፈት ከባድ ነው።

3. ማን ጋ እንደምትገቡ ለዩ

ሳይካትሪስት በአእምሮ ሕክምና የተካነ ሐኪም ነው፤ መድኃኒት ያዛል። ክሊኒካል ሳይኮሎጂስት መድኃኒት አያዝም፤ በንግግርና በልምምድ ያክማል። የሳይካትሪ ነርስም አለ። ስፔሻሊስት ሳይካትሪስት በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ መሠልጠን የጀመረው እ.ኤ.አ. በ2003 ነው፤ ባለሙያው ከሕዝቡ ቁጥር ጋር የማይመጣጠነው በከፊል ለዚህ ነው። ሁሉም ስማቸው «ካውንስለር» ሊባል ስለሚችል የትምህርት ደረጃና የሙያ ፈቃድ መጠየቅ ነውር የለውም።

የመጀመሪያው ባለሙያዬ አርባ ደቂቃ ሙሉ መከረኝ። «ብዙ አታስቢ፣ አንቺ እኮ ጠንካራ ነሽ፣ ከአንቺ የባሰ አለ» አለኝ። ሁሉም እውነት ነበር፤ አክስቴም፣ የሥራ ባልደረባዬም ነግረውኛል። ከፍዬ ወጣሁና ታክሲ ተራው ጋ ስደርስ ልቤ እንደገና ደለቀ። ያኔ ሕክምናው ይኸው ነው ብዬ ተስፋ ቆረጥኩ፤ ከዚያ በኋላ ስምንት ወር የትም አልሄድኩም። እነዚያ ስምንት ወራት እስካሁን ይቆጩኛል።

ምክር ሌላ፣ ሕክምና ሌላ ነው። መካሪ ምን ማድረግ እንዳለባችሁ ይነግራችኋል። ነፍስ አባት ኃጢአትን ሰምቶ ንስሐ ይሰጣል፤ እሱም የራሱ ቦታ አለው። የንግግር ሕክምና የሚሠራ ባለሙያ ግን ጭንቀቱ እንዴት እንደሚነሳና ምን እየመገበው እንደሚቆይ ከእናንተ ጋር ያጠናል፤ ከዚያ የሚለማመዱት ነገር ይሰጣችኋል፤ በሚቀጥለው ቀጠሮ ውጤቱን ይጠይቃል። ሦስት ጥያቄ ጠይቁት፦ በምን ዘዴ ነው የምትሠራው? ስንት ጊዜ እንገናኛለን ብለህ ታስባለህ? በመሃል ቤቴ የምሠራው ነገር አለ? ሦስተኛውን «የለም» ካለ እኔ ብሆን ሌላ እፈልጋለሁ።

ጸበል የምትጠመቁ ወይም ሩቅያ የሚቀራላችሁ ከሆነ ለባለሙያው ንገሩት፤ እሱንም አትተዉ፣ ሕክምናውንም አትተዉ። ጎረቤቴ እማማ እንጦጦ ጸበል ገብተው የከረሙ ሴት ናቸው። ኪኒናቸውን ያላቋረጡት አጥማቂው ራሳቸው «መድኃኒቱም የእግዚአብሔር ነው» ስላሏቸው ነው። የምፈራው ተደብቆ መድኃኒት ማቋረጥን ነው።

4. መንገዱን እንደ ሕክምናው አካል አቅዱት

ሁለተኛውን ሙከራ ያቆምኩት ከአራተኛው ቀጠሮ በኋላ ነው። ባለሙያው ጥሩ ነበር። ግን ቀጠሮዬ ጠዋት 3 ሰዓት ስለነበር ከቤት 12 ሰዓት ላይ እወጣለሁ፤ ከቱሉ ዲምቱ ቃሊቲ፣ ከቃሊቲ መሃል ከተማ፣ ከዚያ ሌላ ታክሲ። ጭንቀቴ ያለው ታክሲ ውስጥ ነው፤ ባለሙያው ፊት ስደርስ ደክሜ አልቄአለሁ። አንድ ቀን ዘገየሁ፣ አንዱን ቀረሁ፣ ከዚያ አፍሬ ሳልመለስ ቀረሁ።

በሦስተኛው ላይ የለወጥኩት ይህ ነው። ቀጠሮዬን 5 ሰዓት አደረግሁ፤ የጠዋቱ ሰልፍ ቀሏል፣ ስመለስም የማታው ግፊያ አይደርስብኝም። በመጀመሪያው ቀን ስለ በሽታዬ ከማውራቴ በፊት «የምመጣው ከቱሉ ዲምቱ ነው፤ ከቀረሁ ደክሜ ነው እንጂ ንቄ አይደለም» አልኳት። እሷም የመጀመሪያዎቹን ስድስት ሳምንታት በየሳምንቱ፣ ከዚያ በየሁለት ሳምንቱ አድርጋ በመሃሉ በስልክ እንድንገናኝ ተስማማች። ይህን በመጀመሪያው ቀን ጠይቁ። የትራንስፖርቱንም ብር በጀት ያዙለት፤ እኔ የስምንት ቀጠሮውን ቀድሜ ፖስታ ውስጥ አስቀመጥኩት፤ በወር መጨረሻ ያዳነኝ እሱ ነው።

የስልኩ ቀጠሮ የራሱ ጣጣ አለው። የኮንዶሚኒየም ግድግዳ ሳል ያሳልፋል፤ ቤት ውስጥ እያለቀሱ ማውራት አይቻልም። እኔ ቦታዬ ከኮሚናሉ ጀርባ ነበር፣ ልብስ የሚያጥብ በሌለበት በ9 ሰዓት ገደማ። እናንተም ከመደወሉ በፊት ቦታችሁን ምረጡ፣ ስልኩን ቻርጅ አድርጉ።

ለአለቃ «የሐኪም ቀጠሮ አለብኝ» ማለት ይበቃል። የምን ሐኪም እንደሆነ የመናገር ግዴታ የለባችሁም።

5. በመጀመሪያው ቀን

ብዙ ትጠየቃላችሁ፤ ስለ ልጅነት፣ ስለ ትዳር፣ ስለ ገንዘብ፣ ስለ ሞተባችሁ ሰው። ሁሉንም በአንድ ቀን መናገር የለባችሁም። «እሱን ሌላ ቀን እናወራዋለን» ማለት ይቻላል። ምሥጢራችሁ እንደሚጠበቅ ባለሙያው ራሱ ሊነግራችሁ ይገባል፤ የሚጥሰው ራሳችሁን ወይም ሌላ ሰው ልትጎዱ ስትሉ ነው። ካልነገራችሁ ጠይቁ።

ግባችሁን የሚታይና የሚለካ አድርጉት። እኔ «ሰላም እንዲሰማኝ» ብዬ ነበር። ባለሙያዋ «ሰላም ሲሰማሽ ሰኞ ጠዋት ምን ታደርጊያለሽ?» አለችኝ። አስቤ «ብቻዬን በታክሲ ሜክሲኮ ድረስ እሄዳለሁ» አልኩ። ደብተሩ የመጀመሪያ ገጽ ላይ የተጻፈው እሱ ነው።

6. ደብተሩ

ዋናው ሕክምና ያለው እዚህ ነው። እኔ የታከምኩበት ዘዴ አሮን ቤክ የተባለ አሜሪካዊ ሳይካትሪስት እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ ያዳበረው፣ ሐሳብንና ድርጊትን አንድ ላይ የሚያክመው ነው። አንድ ቀጠሮ አብዛኛውን ጊዜ ከአንድ ሰዓት አይበልጥም፤ ሳምንቱ ግን 168 ሰዓት ነው። የቀረው ሁሉ ቤታችሁና መንገድ ላይ ነው ያለው። ዳር ስለምንኖር በቀጠሮ ብዛት ከሌላው ላንስ እንችላለን፤ በደብተሩ ግን ማንም አይቀድመንም።

ከሱቅ ተራ ደብተር ግዙ። ጭንቀቱ በመጣ ቁጥር ቀኑን፣ ቦታውን፣ በዚያች ቅጽበት በአእምሮ ያለፈውን ሐሳብ፣ ፍርሃቱን ከ10 ስንት እንደሆነ፣ መጨረሻ ላይ የሆነውን ጻፉ። ከኔ አንዱ ይኸውላችሁ፦

«ማክሰኞ ጠዋት 12፡40፣ ቃሊቲ። ልቤ ሊቆም ነው። 9። ከስምንት ደቂቃ በኋላ 4። ልቤ አልቆመም።»

እንዲህ ያለ መስመር ሃያ ሲሞላ አንድ ነገር ይታያል። ድንገተኛው ፍርሃት በአብዛኛው በደቂቃዎች ውስጥ ጫፍ ይደርስና በራሱ ይወርዳል። ከታክሲው በወረድኩ ቁጥር ግን አእምሮዬ የተማረው «የዳንሽው ስለወረድሽ ነው» የሚለውን ነበር። ስለዚህ ልምምዱ ሳይወርዱ መቆየት ነው። በአንዴ ሳይሆን በመሰላል፣ ከቀላሉ ወደ ከባዱ (በቅንፍ ያለው ፍርሃቴ ከ10 ስንት እንደሆነ ነው)፦

ታክሲ ተራ ቆሞ ታክሲ ሲሞላ ማየት (3)
የቆመ ታክሲ ውስጥ ረዳቱን አስፈቅዶ አሥር ደቂቃ መቀመጥ (4)
ከእህቴ ጋር አንድ ፌርማታ (5)
ብቻዬን አንድ ፌርማታ (6)
እስከ ቃሊቲ፣ በሩ አጠገብ (7)
እስከ ቃሊቲ፣ የመጨረሻው ወንበር፣ መሃል (9)
ሜክሲኮ (10)

አንዱን ደረጃ ፍርሃቱ በግማሽ እስኪወርድ ደጋግሙት፤ ከዚያ ወደሚቀጥለው። አምስተኛው ደረጃ ላይ፣ እስከ ቃሊቲ በሩ አጠገብ የሚለው ላይ፣ ሦስት ሳምንት ቆምኩ። ደብተሩን ስናይ ባለሙያዋ ከጎን የጻፍኩትን አንድ ቃል ከበበችው፤ «ውሃ ይዣለሁ»። ያ የውሃ ጠርሙስ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ከእጄ ወጥቶ አያውቅም። «ያዳነኝ ውሃው ነው» ብዬ ማመኔን ራሴም አላወቅኩም ነበር። በሚቀጥለው ቀን ጠርሙሱን በር ላይ ትቼው ወጣሁ፤ ደረቴን ፈትቶ የለቀቀኝ ያ ቀን ነው። እናንተም የሙጥኝ ያላችሁት ነገር ካለ፣ ጥግ ወንበር ይሁን፣ እጅ ላይ የያዛችሁት ስልክ ይሁን፣ ሁልጊዜ አብሯችሁ የሚሄድ ሰው ይሁን፣ ጻፉትና አንድ በአንድ ተዉት።

ሌላው ልምምድ ደረጃው ነበር። ሊፍት የሌለው ባለ አራት ፎቅ ብሎክ ላይ ነው የምኖረው። በልብ ምርመራ ደህና መሆኔ ስለተረጋገጠ ከምድር እስከ አራተኛ በፍጥነት ወጥቼ ልቤ ሲደልቅ እንድቆምና እንዳዳምጠው ታዘዝኩ። ያው ድለቃ፣ ያው ትንፋሽ ማጠር ነው፤ እዚህ ግን ማንም አይፈራውም። በቀን ሦስት ጊዜ። የልብ ወይም የአስም ችግር ያለበት ሰው ሐኪሙን ሳይጠይቅ ይህን አይሞክር።

ድባቴ ላይ ያለ ሰው ልምምዱ ሌላ መልክ አለው። እዚያ ደብተሩ የሚይዘው በቀን የምትሠሩትን ትንሽ ነገር ነው፤ ፊት መታጠብ፣ ፀሐይ ላይ አሥር ደቂቃ መቀመጥ፣ ለአንድ ሰው መደወል። ፍላጎት እስኪመጣ አትጠብቁ። ሥራው ይቀድማል፣ ፍላጎቱ ይከተላል።

7. መድኃኒት ከታዘዘ

እንደ ፍሉኦክሴቲን ያሉ የድባቴና የጭንቀት መድኃኒቶች ለውጣቸው የሚታየው በአብዛኛው ከሁለት እስከ አራት ሳምንት ነው። «አልሠራም» ብላችሁ በአምስተኛው ቀን አትተዉ፤ ሲሻላችሁም ሐኪም ሳያውቅ በአንዴ አታቋርጡ። ዲያዜፓም የተባለው ማረጋጊያ ኪኒን ግን ሱስ የማስያዝ ባህርይ ስላለው ከጎረቤት ተውሶ አይወሰድም። ሕመሙ ሲጠና መድኃኒትና የንግግር ሕክምና አብረው ይሄዳሉ፤ አንዱ ሌላውን አያስቀርም።

8. መሃል ከተማ መመላለስ ፈጽሞ ካልተቻለ

በናይሮቢ ዳርቻ በሚኖሩ፣ ጥቃት በደረሰባቸው ሴቶች ላይ የተሞከረ አጭር ሕክምና አለ፤ አምስት ጊዜ፣ በየሳምንቱ፣ በእያንዳንዱ 90 ደቂቃ። የሰጡት ሐኪሞች ሳይሆኑ የሠለጠኑ የአካባቢው ጤና ሠራተኞች ናቸው፤ ሴቶቹም ተሻላቸው። በዚምባብዌ ዋና ከተማ በሐራሬ ደግሞ ከእ.ኤ.አ. 2006 ጀምሮ የሠለጠኑ አሮጊቶች ክሊኒክ ግቢ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጠው ተመሳሳይ የንግግር ሕክምና ይሰጣሉ። የናይሮቢው ሕክምና አራት ነገር ነው የያዘው፦ ቀስ ብሎ መተንፈስ፣ ከችግሮች አንዱን መርጦ በትንሽ በትንሹ መፍታት፣ የተተወውን ሥራ እንደገና መጀመር፣ የሚደግፍ ሰው ማጠናከር።

የኛ የጤና ኤክስቴንሽን ባለሙያዎችና እድሮች ይህን ቢሠለጥኑ የምንደርስበት ሩቅ አይመስለኝም። እስከዚያው ጤና ጣቢያችሁን «በአካባቢያችን የሚሰጥ የቡድን ሕክምና አለ ወይ?» ብላችሁ ጠይቁ። ጎረቤት ለጎረቤት ማድረግ የሚችለው ደግሞ አለ፤ ቡና ላይ «አይዞሽ እርሺው» ከማለት ይልቅ «ነገ ጠዋት እስከ ታክሲ ተራው አብሬሽ ልሂድ?» ማለት። እህቴ መሰላሉ ሦስተኛ ደረጃ ላይ ያደረገችልኝ ይህንን ነው።

9. ስትጨርሱ

አሥራ አንድ ቀጠሮ ፈጀብኝ። የመጨረሻዎቹን ሁለቱን አራርቀን በወር አደረግናቸው። ድንገት አታቋርጡ፤ ቢበቃችሁም ባይበቃችሁም አንድ የመሰናበቻ ቀጠሮ ያዙና በደብተሩ የመጨረሻ ገጽ ላይ ሕመሙ ሲመለስ በምን እንደምታውቁትና መጀመሪያ ምን እንደምታደርጉ ከባለሙያው ጋር ጻፉ። ገጹ ቤተሰብም የሚያውቀው ቦታ ይቀመጥ። የኔ ደብተር ቡፌው መሳቢያ ውስጥ፣ ከጤና መድን ካርዱ ጋር ነው። እንዲህ ይላል፦

«ሁለት ሳምንት ከሰፈር ካልወጣሁ፣ ወይም ውሃ ሳልይዝ መውጣት ካቃተኝ፦ ደረጃውን በቀን ሦስቴ። በማግሥቱ ብቻዬን እስከ ቃሊቲ። በሳምንት ውስጥ ካልቀለለ ስልክ መደወል። ለእህቴ በዚያው ቀን መንገር።»